ኋላ ማርሽ የት እንዳለ ታውቂያለሽ?

ደሴ ከገባሁ ሁለት ሰዓት አልሞላኝም፣ እጄም ገና አልረጋም። እናቴ ቡና እንኳ ሳትጠጣ ጋደም ብላለች፤ እኔ ግን ይህን ሳልጽፍ የምተኛ አይመስለኝም። ዘጠኝ ዓመት መኪና ስነዳ ብዙ ነገር ሰምቻለሁ፣ ብዙውንም ትቼ አልፌአለሁ፤ የዛሬው ግን እናቴ ከጎኔ ተቀምጣ እየሰማች የተነገረኝ ስለሆነ ከጉሮሮዬ አልወርድ ብሏል።

መንገዱን የምታውቁት ታውቁታላችሁ፤ ከኩታበር ማዶ ከዋናው ተገንጥሎ ወደ በሽሎ የሚወርደው፣ ሲሠራ እናቴና ጎረቤቶቿ ድንጋይ የተሸከሙበት ጠጠር መንገድ ነው። ስፋቱ ለአንድ መኪና ብቻ ነው። ሁለት መኪና ሲገናኝ መተላለፍ የሚቻለው አልፎ አልፎ ሰፋ ተደርጎ በተተወው ቦታ ሲሆን፣ ከዚያ ውጭ ግን አንዱ ወደኋላ ካልተመለሰ ሌላው አያልፍም። ስወጣ በግራዬ ተቆርጦ የቆመው ተራራ፣ በቀኜ ደግሞ ገደሉ ነበር። ሰሞኑን ዝናብ ስለበረታ ጠርዙ ከላይ ደኅና ይመስላል እንጂ ከሥሩ ውኃ የቦረቦረው ነው፤ ባለፈው ወር ያለፍኩበት አንድ ቦታ ዛሬ የግማሽ ጎማ ስፋት ጎድሎ አገኘሁት።

እናቴን ለዓይኗ ሕክምና ወደ ደሴ እያመጣኋት ነበር። በአንደኛ ማርሽ ዳገቱን እየወጣሁ፣ ኩርባው ጋ ስደርስ እንደ ልማዴ ሁለት ጊዜ ጥሩምባ ነፍቼ አዳመጥኩ፤ መልስ አልነበረም። ኩርባውን ጨርሼ ትንሽ እንደሄድኩ አንድ ጭነት የሌለው ደብል ጋቢና ፒካፕ ጥሩምባ የሚባል ነገር ሳያሰማ ከላይ እየተንደረደረ መጣና አፍንጫ ላፍንጫ ተፋጠጥን። በሁለታችን መካከል የቀረው አንድ ክንድ ቢሆን ነው። ጠጠሩ ከጎማው ሥር እየተፈናጠረ ኮፈኔን ሲመታው እናቴ ነጠላዋን አፏ ላይ ጭምድድ አድርጋ ይዛ "ያ ረቢ!" አለች።

እሱ ወደኋላ ይመለሳል ብዬ ጠበቅሁ፤ መተላለፊያው ከጀርባው ይታየኝ ነበርና። አልተመለሰም፣ ሞተሩን አጥፍቶ ወረደ። በመስኮቴ በኩል መጥቶ አንድ እጁን ጣሪያው ላይ ደገፍ አድርጎ፣ ጎንበስ ብሎ ወደ ውስጥ እያየ እንዲህ አለኝ፦

"እታለም፣ ኋላ ማርሽ የት እንዳለ ታውቂያለሽ?"

"አውቃለሁ ወንድሜ፤ ግን እኔ ዳገት እየወጣሁ ነው፣ አንተ ቁልቁለት እየወረድክ ነው፣ መተላለፊያውም ከጀርባህ ነው።"

"ሕጉን ደሴ ስትደርሽ ታወሪያለሽ። ካላወቅሽበት ውረጂና እኔ ልመልስልሽ።"

ይህን ሲለኝ ጋቢና የተቀመጡት ትልቅ ሰው፣ የእሱ አለቃ ይመስሉኛል፣ መስታወታቸውን በሁለት ጣት ልክ ዝቅ አድርገው "ልጄ፣ ስብሰባ አለብን፤ አንቺ ትንሽ መኪና ነው የያዝሽው፣ ለአንቺ ይቀልሻል" አሉኝ። "ጋሼ፣ እናቴ ታማሚ ናት፤ ከኋላዬ ኩርባ ነው፣ ከኩርባው ወዲያ ምን እንደሚመጣ አላይም" አልኳቸው። መስታወቱ ተዘጋ። ሾፌሩ እዚያው ቆሞ የመኪና ቁልፉን በጣቱ እያሽከረከረ "ጊዜያችንን አትብዪ" አለኝ። ከኋላ ወንበር የተቀመጡት ሁለት ወጣቶች ይስቁ ነበር። ያን ሳቅ እስካሁን እሰማዋለሁ።

እናቴ ናት የፈታችው። "ተይው ልጄ፣ አብሽሪ፤ ወደኋላ በይለት" ብላ በሯን ከፍታ ልትወርድ ስትል፣ በሩ የሚከፈተው ወደ ገደሉ መሆኑን አይቼ በእኔ በኩል አወረድኳት። ዓይኗ በቅጡ የማያይላት ሴትዮ ኩርባው ላይ ወጥታ ቆማ መንገድ ትመራኝ ጀመር። መንዳት አታውቅም፣ ግራና ቀኝ ማለቱም ተምታታባትና በመጨረሻ ያገኘችው ቃል "ወደ ተራራው! ወደ ተራራው!" የሚል ብቻ ሆነ። እኔም በግራ ስፖኪዮዬ ተራራውን እየታከክሁ፣ በቀኙ ደግሞ ሰማይ ብቻ እያየሁ፣ ፍሬኑን ረግጬ እየለቀቅሁ ያን ቁልቁለት በጀርባዬ ወረድኩ። አንድ ቦታ ላይ የቀኝ የኋላ ጎማዬ ጠርዙን ሲነካው ድንጋዮቹ ሲንከባለሉ ሰማሁ፤ ሲያርፉ ግን አልሰማሁም።

ፒካፑ ታች ባለው ስፋት ላይ ሲያልፈኝ አቧራውን በተከፈተው መስኮቴ አልብሶኝ ሄደ። ምስጋና የለ፣ እጅ ማንሳት የለ። እናቴን አሳርፌ በእግሬ ሽቅብ ወጣሁና ቆጠርኩ፤ የተባልኩት ነገር ልክ እንዳልሆነ በቁጥር ማወቅ ስላለብኝ ነው። እሱ ከቆመበት እስከ ላይኛው መተላለፊያ 34 እርምጃ ነበር። እኔ በጀርባዬ የወረድኩት 190 እርምጃ ከነኩርባው ነው።

በጠባብ ዳገት ላይ ለሚወጣው ቅድሚያ ይሰጣል የሚባለው ለይሉኝታ አይደለም፤ ምክንያት አለው። ዳገት የሚወጣ መኪና ጠጠር ላይ አንዴ ከቆመ መልሶ መነሳት ይከብደዋል፤ ጎማው ጠጠሩን እየበተነ በቦታው ይሽከረከራል፣ ፍሪሲዮኑም ይሸታል። ወደኋላ ተመለስ ከተባለ ደግሞ ክብደቱ ራሱ እየጎተተው በጀርባው ቁልቁለት ይወርዳል፣ ሾፌሩም የሚሄድበትን በቅጡ አያይም። የሚወርደው ግን ሲመለስ ሽቅብ ስለሚሄድ እግሩን ከነዳጁ ሲያነሳ መኪናው ራሱ ዝግ ይልለታል። እ.ኤ.አ. በ1968 በቪየና የተፈረመው ዓለም አቀፍ የመንገድ ትራፊክ ስምምነት እንኳ በአንቀጽ 12 ይህንኑ ይደነግጋል፦ መተላለፍ በሚያስቸግር ተራራማ መንገድ ላይ ዳር ይዞ የሚያሳልፈው ቁልቁለት የሚወርደው ነው፤ ወደኋላ መመለስ የግድ ከሆነ ደግሞ ትንሹ ለከባዱ፣ የጭነት መኪናው ለአውቶቡሱ ይመለሳል፤ ሁለቱ እኩል ዓይነት ከሆኑ፣ መተላለፊያው ለሚወጣው በግልጽ ካልቀረበው በቀር፣ የሚመለሰው የሚወርደው ነው። የተጫነ አይሱዙ ቢሆን ኖሮ ሳልጠየቅ እመለስለት ነበር፤ ብዙ ጊዜም ተመልሻለሁ። የዛሬው ግን የእኔን ያህል ቀላል፣ ያለ ጭነት የሚወርድ፣ መተላለፊያው ጀርባው ላይ ያለ ፒካፕ ነው። ከሦስቱ አንዱ እንኳ ለእሱ አያደላም።

ከዚህ ሁሉ የሚያናድደኝ አመጣጡ ነው። በሰዓት 40 ኪሎ ሜትር የሚሄድ መኪና በአንድ ሰከንድ 11 ሜትር ያህል ይጓዛል፤ ሁለቱም በዚያ ፍጥነት ከመጡ በየሰከንዱ 22 ሜትር ይቀራረባሉ፣ እግራቸው ፍሬን እስኪነካም ያ አንድ ሰከንድ አልፏል። ለዚህ ነው አንድ መኪና ብቻ በሚያሳልፍ መንገድ ላይ በሚታየኝ ርቀት ግማሽ ውስጥ መቆም መቻል አለብኝ የሚባለው፤ ሌላው ግማሽ ከፊት ለፊት የሚመጣው ሰው ድርሻ ነው። የእኔን ግማሽ እኔ ጠበቅሁ። እሱ ሁለቱንም ግማሽ ለራሱ ወሰደው።

ጥሩምባውስ ቢሆን! ኩርባ ላይ ጥሩምባ መንፋት "አለሁ" ማለት እንጂ ስድብ አይደለም። ባለፈው ዓመት ድልብ ዳገት ላይ አንድ ሰውዬ "ምን ታስጮኺብኛለሽ" ብሎ መኪናውን መንገዱ መካከል አቁሞ ተቆጥቶኛል። ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ ሐረጎን በሌሊት ስትወጡ ደግሞ ረጅሙን መብራት ለቆ የሚመጣው ስንቱ ነው? አጭሩን አድርግልኝ ብላችሁ ብታበሩለት እሱ ጭራሽ ፓውዛውን ጨምሮ ያሳያችኋል። ክረምት በሆነ ቁጥር ደሴ ላይ ጉሙ ሲወርድ ያለ መብራት የሚነዳውንም ቁጠሩት። ተበላሽቶ የቆመ የጭነት መኪና ጎማው ሥር ያስገባውን ድንጋይ ሳያነሳ ሄዶ፣ ያንን ድንጋይ በሌሊት ኩርባ ላይ ያገኘሁት ሦስት ጊዜ ነው፤ አንደኛው ቸርኬዬን አጣምሞብኛል። ሠላሳ ሰው የጫነ መኪና ነዳጅ ለመቆጠብ ተብሎ ቁልቁለቱን በዜሮ ማርሽ ሲወርድም አይቻለሁ። በሦስተኛና በሁለተኛ ማርሽ ሞተሩ ይዞት ይወርድ የነበረው ክብደት ያን ጊዜ በሙሉ ፍሬኑ ላይ ያርፋል፤ ፍሬኑ ግሎ አልይዝም ካለ በኋላ የሚቆጨው ማን ነው?

አንድ መኪና በሚያሳልፍ ድልድይ ላይ ሁለት መኪና ከሁለት በኩል ገብቶ ግማሽ ሰዓት ሲፋጠጥም አይቻለሁ። ቀድሞ የገባው ማን እንደሆነ ሁሉም ያውቅ ነበር፤ ነገር ግን ወደኋላ ማለት እንደ መሸነፍ ስለተቆጠረ ተሳፋሪው በሙሉ ወርዶ ሲለምን ቆየ። ይህ ነው ልቤን የሚያደማኝ። ወሎ ውስጥ ሰው በር ላይ ሲገናኝ "አንተ ቅደም፣ አንተ ቅደም" እየተባባለ አምስት ደቂቃ ይቆማል። ማዕድ ላይ ሲቀመጥ የመጀመሪያውን ጉርሻ ለእንግዳ ይሰጣል። ያው ሰው መሪ ሲጨብጥ 34 እርምጃ መመለስ ሞት የሚሆንበት ምን ነክቶት ነው?

ዐፄ ቴዎድሮስ በ1860 ዓ.ም. ወደ 7 ቶን የሚመዝነውን ሴባስቶፖልን በዚሁ በበሽሎ ገደል በኩል መንገድ እያስቀደዱ ወደ መቅደላ አስወጥተውታል። ያ ሁሉ ሕዝብ ያንን ብረት ሲጎትት አንዱ የሌላውን ድምፅ ካልሰማ፣ ከኋላ ያለው ከፊት ያለውን ካልጠበቀ መድፉ ገደል ገብቶ ይቀር ነበር። ያን መንገድ በባዶ እግራቸው የጠረጉት ሰዎች የልጅ ልጆች ነን፤ ሁለት ቀላል መኪና ማስተላለፍ አቃተን።

ኬላው ጋ ስደርስ ለቆመው የትራፊክ ፖሊስ ታርጋውን ነገርኩት። በትሕትና ነው የሰማኝ፣ አልዋሽም። ከሰማኝ በኋላ ግን "ተጋጭታችኋል?" አለኝ። "አልተጋጨንም" አልኩት። "ታዲያ ካልተጋጫችሁ ምን ብዬ ልጻፍልሽ?" አለኝ። ለመንገዱ ደንብ ወጥቷል፣ ተሻሽሏልም፤ ይህ ሁሉ ገደል ውስጥ ከገባሁ በኋላ ሊጻፍልኝ ነው? እናቴ ከጎኔ ሆና "አላህ ይስጥልኝ፣ ሂድ ልጄ" ብላ መረቀችው። እኔ ለመመረቅ እንኳ አንደበት አልነበረኝም።

አሁን "ምን አከራከረሽ፣ ዝም ብለሽ ብትመለሺለት ምን ነበረበት" የምትሉኝ እንዳላችሁ አውቃለሁ፤ ወንድሜም ስልክ ላይ ያለኝ ይህንኑ ነው። ዝም ብዬ ተመለስኩኮ! ሁልጊዜ የምመለሰው እኔ ነኝ። ሴት ስለሆንኩ፣ መኪናዬ ትንሽ ስለሆነች፣ ጋቢናዬ ውስጥ አለቃ ሳይሆን የገጠር ሴትዮ ስለተቀመጠች ነው የምመለሰው። ሕጉን የሚያውቅ ሰው ሕጉን ለማያውቅ በየኩርባው ወደኋላ እየሄደ እስከ መቼ ነው የሚኖረው?

ሐኪሙ ሐሙስ ያያታል፤ ቅዳሜ ወደ ቤቷ እመልሳታለሁ። መንገዱ ያው ነው፣ ሌላ የለም። ከወንድሜ ጋር የተስማማነው እሱ በሞተር ሳይክል ቀድሞኝ እየሄደ እያንዳንዱ ኩርባ ላይ ቆሞ መንገዱ ነጻ መሆኑን በስልክ እንዲነግረኝ ነው። ቀኑን ከሥራው ፈቃድ ወስዷል። እናቴ ደግሞ ከመተኛቷ በፊት የጠየቀችኝ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ቅዳሜ ስንወርድ በተራራው በኩል እንድትቀመጥ ነው የፈለገችው። ስንወርድ ተራራው በቀኝ በኩል ስለሚሆን ገደሉ ያለው በእኔ ወገን ነው፤ ይህን ስነግራት ዝም ብላ አየችኝና በተራራው በኩል መቀመጥ እንደማትፈልግ፣ ይልቅ ኋላ ወንበር ከእኔ ጀርባ እንደምትቀመጥ ነገረችኝ።