ሳይጠሩት አቤት ለሚለው ደባላችን

በዚህ ዘመን እንግዳ ተቀባይነት ጠፋ እያሉ የሚያማርሩ ታላላቆቻችን የአንዳችንን ላፕቶፕ ከፍተው አይተው አያውቁም ማለት ነው። ቢያዩ ኖሮ፣ ከሦስት ዓመት በፊት ለአንድ ቅዳሜ ከሰዓት ጨዋታ ብለን የጫንነው የጌም ላውንቸር፣ ማለትም ጌም የሚገዛበት፣ የሚጫንበትና የሚከፈትበት ፕሮግራም፣ ጌሙ ራሱ ከጠፋ በኋላ እንኳ፣ በየጠዋቱ ከኮምፒውተሩ ጋር አብሮ እየተነሣ፣ ኢንተርኔቱን ከባለቤቱ ቀድሞ እየቀመሰ፣ ከሰዓቱ አጠገብ ባለችው ትንሽ ቀስት ሥር ተከልሎ እንደሚኖር ተመልክተው ይመርቁን ነበር። በአዲስ አበባ ደባል እንኳ የኪራዩን ድርሻ ያዋጣል። የእኛ ደባል ግን ኪራይ አይጠየቅም፤ መቼ እንደሚወጣም አይጠየቅም፤ እንዲያውም መኖሩን የሚያውቅ ሰው ስለሌለ ጠያቂ ራሱ አይገኝም።

ለዚህ ደግነት ያበቃን ከሃያ ዓመት በላይ የፈጀ ልምምድ ነው። ቫልቭ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ ስቲም የተባለውን ላውንቸር የለቀቀው እ.ኤ.አ. በሴፕቴምበር 2003 ሲሆን፣ በቀጣዩ ዓመት ሃፍ-ላይፍ 2 የተባለው ጌም ሲወጣ ዲስኩን ከሱቅ በገንዘቡ የገዛ ሰው ሳይቀር ስቲምን ካልጫነ መጫወት እንደማይችል ተነገረው። በገዛ ዕቃቸው ላይ ዘበኛ የቆመባቸው ያህል የተሰማቸው ተጫዋቾች ያን ጊዜ ነበሩ። ምስጋና ለትዕግሥታችን ይሁንና ቁጣው በረደ፤ ዘበኛው ቀረ። የስቲምን መደላደል ያዩ ሌሎች ኩባንያዎችም እየተከታተሉ ገቡ፤ ኤፒክ ጌምስ በ2018 ማብቂያ ላይ የራሱን መደብር ከፍቶ ነጻ ጌም ማደል ጀመረ፤ ዩፕሌይ የነበረው የዩቢሶፍት ላውንቸር በ2020 ዩቢሶፍት ኮኔክት ተባለ፤ ኦሪጅን የነበረውን የኢኤ ላውንቸር በ2022 ኢኤ አፕ ተካው። ስማቸውን የቀየሩ አሉ፤ ክፍላቸውን የለቀቀ ግን የለም።

ከሁሉ የሚያስደንቀው እንግዳ እንግዳ ይዞ ሲመጣ እንኳ ፊታችን አለመጥቆሩ ነው። ከስቲም ላይ የዩቢሶፍትን ጌም የገዛ ሰው «ተጫወት» የሚለውን ሲጫን ስቲም በትሕትና ዩቢሶፍት ኮኔክትን ይጠራል፤ ያም ተነሥቶ የይለፍ ቃል ይጠይቃል፣ ራሱን ያድሳል፣ ከዚያ በኋላ ጌሙን ይከፍታል። አንድ ጌም፣ ሁለት ላውንቸር። ሌላ ሕዝብ ቢሆን ኖሮ «ለአንድ በር ሁለት ዘበኛ ምን ያደርጋል?» ብሎ ይጠይቅ ነበር፤ እኛ ግን ለሁለቱም ወንበር እንስባለን።

እዚህ ላይ ስለ ኤክስ ምልክቷ ሳላነሣ ባልፍ ውለታዋን እንደካድኩ ይቆጠርብኛል። በመስኮቱ የላይኛው ቀኝ ጥግ ያለችው ይህች ምልክት በሌሎች ፕሮግራሞች ላይ አብዛኛውን ጊዜ መዝጊያ ናት። በላውንቸር ላይ ግን መጋረጃ ናት፤ መስኮቱ ከዓይናችን ይሰወራል እንጂ ፕሮግራሙ ወደ ጓዳ ገብቶ ኑሮውን ይቀጥላል። እኛም ያላየነው ነገር የለም ብለን የምናምን ቀና ሰዎች ስለሆንን፣ ኤክስን ተጭነን እጃችንን አራግፈን እንነሣለን። ከዚህ በላይ ደግሞ ኮምፒውተሩ ሲንቀራፈፍ ክሮምን ዘግተን «አሁን ቀለለው» እንላለን፤ የስቲም መስኮት ውስጥ ያለው መደብርና ማስታወቂያ የሚታየው ክሮም ከተሠራበት ከዚያው ከክሮሚየም በተሠራ ብራውዘር ስለሆነ፣ ክሮምን አባርረን የሥጋ ዘመዱን ከጓዳ ማስቀረታችን ነው። በኮምፒውተሩ ላይ እየሠሩ ያሉ ፕሮግራሞችን የሚዘረዝረውን ታስክ ማናጀርን የሚከፍት ሰው ስቲም ዌብሄልፐር የሚል ስም በተከታታይ ረድፎች ተደርድሮ ያገኛል። ያለን ራም (ፕሮግራሞች የሚሠሩበት ማኅደረ ትውስታ) 4 ጊጋባይት ብቻ ቢሆንም ከዚያ ላይ ቆርሶ ለማይታወቅ ዘመድ መስጠት የእጃችንን ስፋት ያሳያል።

የላውንቸሩም ጨዋነት ቢሆን የሚናቅ አይደለም። ስቲም ጌም ከፍተን ስንጫወት፣ ቅንብሩን ካልቀየርነው በስተቀር፣ ጨዋታው እንዳይቆራረጥ ብሎ ሲያወርድ የነበረውን ፋይል አቁሞ ይጠብቀናል። የመመረቂያ ጽሑፍ ስንጽፍ ወይም በዙም ስብሰባ አለቃችን ሲያናግረን ግን፣ ጌም ላይ አለመሆናችንን አይቶ ሥራ ፈት መሆናችንን ስለሚረዳ ማውረዱን ይቀጥላል። የማውረጃ ሰዓትና የፍጥነት ገደብ የሚወሰንበት ቦታ በዚያው በቅንብሩ ውስጥ አለ ይባላል፤ ነገር ግን የእንግዳን ጉርሻ መቁጠር ነውር ነውና ማናችንም ወደዚያ አንደርስም። እንኳን በቤት ዋይፋይ፣ ከስልካችን ሆትስፖት ከፍተን አንዲት ኢሜይል ልንልክ በተነሣን ቀን እንኳ፣ ደባላችን ከ100 ጊጋባይት ለሚበልጥ ጌም የማደሻ ፋይል መጥቶለት ከሆነ የዳታ ጥቅላችንን ጭልጥ አድርጎ ይጠጣል። ጥቅሉ ማለቁን የሚነግረን አጭር መልእክት ሲደርሰን የምንረግመው ኔትወርኩን ነው። ደባላችን ስሙ እንኳ አይነሣም።

በ2020 ማብቂያ ላይ የኤፒክ ጌምስ ላውንቸር ምንም ሳይሠራ ተቀምጦ የአንዳንድ ኮምፒውተሮችን ሲፒዩ (የኮምፒውተሩን አንጎል) ከሚገባው በላይ እንደሚያሞቅ ተጠቃሚዎች ለክተው አሳዩ፤ ኩባንያውም ጉድለቱን አምኖ ማስተካከያ ለቀቀ። ልብ በሉ፤ የለኩት እነዚያ ሰዎች ናቸው። እኛ ብንሆን በላፕቶፑ ሙቀት እጃችንን እያሞቅን ክረምቱን ባለፍን ነበር።

እውነት ለመናገር ላውንቸር ከንቱ ነገር አይደለም። ጌሙን የሚያድሰው፣ ያቆምንበትን ደረጃ ወደ ክላውድ የሚያደርሰው፣ ጓደኞቻችንን የሚያገናኘን እሱ ነው። ይህ ሁሉ ግን ስንጫወት የሚያስፈልግ አገልግሎት ነው፤ ለቅዳሜ የቀጠሩትን ሠራተኛ ከሰኞ እስከ ዓርብ ሳሎን አስቀምጦ መቀለብ የእኛ የራሳችን ጭማሪ ነው።

ደግነታችን የሚፈተነው ኮምፒውተሩ ጨርሶ አልነሣም ብሎ ሲያዛጋ ነው። ያን ጊዜ ጠቢብ ሰው የሚያደርገውን አደረግሁና ላፕቶፔን ታቅፌ ወደ ጥገና ቤት ሄድኩ። ወጣቱ ባለሙያ ከፍቶ ጥቂት አየና «ጋሼ፣ ፎርማት ምንም አይጨምርልዎትም፤ ኮምፒውተሩ ሲበራ አብረውት የሚነሡ ሰባት ፕሮግራሞች አሉ፤ ከሰባቱ አራቱ የጌም ላውንቸሮች ናቸው። እነሱን ላጥፋልዎትና ይሞክሩት» አለኝ። የሙያ ብቃቱን ተጠራጠርኩ። አንድ ኮምፒውተር የሚከብደው ቫይረስ ሲገባው፣ ወይም ሲያረጅ፣ ወይም ሰው ዓይን ሲያሳርፍበት እንጂ፣ እኔው በገዛ እጄ «ኔክስት፣ ኔክስት፣ አይ አግሪ» ብዬ ባስገባሁት ነገር ነው ማለት እኔን ጥፋተኛ ማድረግ ነው። «ልጄ፣ ፎርማት አድርግልኝ» አልኩት። አደረገልኝ፤ የአራት ዓመት ፎቶግራፍም አብሮ ሄደ። ኮምፒውተሩ በእውነት እንደ አዲስ ፈጠነ። በዚያው ምሽት ደስታዬን ለመግለጽ አራቱንም ላውንቸሮች መልሼ ጫንኳቸው። በቀጣዩ ዓመትም ወደዚያው ጥገና ቤት በሄድኩ ጊዜ ልጁ ምንም ምክር ሳይሰጠኝ ዋጋውን ብቻ ነገረኝ፤ አድጓል።

በመካከላችን ግን ልበ ደንዳኖች አልጠፉም። እነዚህ ሰዎች ኮንትሮል፣ ሺፍትና ኢስኬፕን በአንድ ላይ ተጭነው ታስክ ማናጀርን ይከፍታሉ፤ ማይክሮሶፍት ከ2012ቱ ዊንዶውስ 8 ጀምሮ እዚያ ያኖረውን የስታርትአፕ ዝርዝር አውጥተው የእያንዳንዱን እንግዳ ስም፣ በመነሻ ሰዓት ላይ ከሚያሳድረው ጫና ጋር፣ እንደ ቀበሌ መዝገብ ያነባሉ፤ በማይፈልጉት ስም ላይ በቀኝ ክሊክ «ዲሴብል» ይላሉ። አንዳንዶቹ ወደ ላውንቸሩ ቅንብር ድረስ ይዘልቃሉ። በስቲም ኮምፒውተሩ ሲነሣ አብሬ ልነሣ የምትለዋን ምልክት ያነሣሉ፤ በኤፒክ ደግሞ ይህችኑና ኤክስ ሲጫኑ ወደ ጓዳ ልግባ የምትለዋን ሌላዋን ጨምረው ያነሣሉ። ተጫውተው ሲጨርሱም በኤክስ አይታለሉም፤ ከሰዓቱ አጠገብ ያለችውን ቀስት ገልጠው፣ በላውንቸሩ ምስል ላይ በቀኝ ክሊክ «ኤግዚት» ብለው እስከ በሩ ይሸኙታል። ሥራው በሙሉ ሁለት ደቂቃ አይፈጅም፤ ጭካኔ ምን ጊዜም ቀልጣፋ ነው።

ለእነሱም ያልተመቸ አንድ እንግዳ አለ። ራየት ጌምስ በ2020 ቫሎራንት ከተባለው ጌም ጋር ያመጣው፣ አጭበርባሪ ተጫዋቾችን የሚቆጣጠረው ቫንጋርድ የተባለው ፕሮግራም ኮምፒውተሩ ሲነሣ አብሮ ካልተነሣ ጌሙን ስለማያስከፍት፣ ያጠፋው ሰው መጫወት ሲያምረው ኮምፒውተሩን እንደገና ማስነሣት ግድ ይሆንበታል። ልበ ደንዳኖቹ ይህንንም ያጠፉታል፤ ሲፈልጉ መልሰው ያስነሡታል። ይበልጥ የሚያሳፍረው ደግሞ አንድም ጌም ሳያጠፉ፣ ቅዳሜ ሲደርስ ላውንቸሩን በስሙ ጠርተውት፣ አቤት ሲላቸው ብቻ መጫወታቸው ነው። እኛስ ሳይጠሩት አቤት የሚል፣ ሳይልኩት ወዴት የሚል አገልጋይ እያለን የመጥራትን ድካም ከየት አምጥተን እንችለዋለን?

ይህን የምስጋና ጽሑፍ በምጽፍበት በዚህች ሰዓት የላፕቶፔ ማራገቢያ ወፍጮ ቤት መስሎ ያጓራል። ከታች በስተቀኝ ደግሞ የማላውቀው ጌም ዋጋው በግማሽ መቀነሱን የሚያበስር ማስታወቂያ ብቅ ብሏል። መልካም ዜና ነው፤ ሆኖም ጽሑፉን አርሜ እስክልክ ጥቂት ጸጥታ ስለሚያስፈልገኝ፣ የላውንቸሩን መስኮት አውጥቼ ጥግ ላይ ያለችውን ኤክስ ተጫንኩ። መስኮቱ ጠፋ። ተዘግቷል ማለት ነው።