ኮሎሲየሙ ይቆይ፤ መጀመሪያ ቴስታቾ

«ለመብላት ደግሞ አስጎብኚ ይቀጠራል እንዴ?» ሮም ሊሄድ የተነሣ ዘመድ ወይም ወዳጅ ምክር ጠይቆኝ ሐሳቤን ስነግረው ብዙውን ጊዜ የሚመልስልኝ ይህንኑ ነው። አፍ ያለው ሰው ምግብ ቤት አያጣም፤ ስልኩም የየቤቱን ኮከብ ቆጥሮ ያሳየዋል። ገንዘቡን ለኮሎሲየምና ለቫቲካን ሙዚየም ቢያውለው ይመርጣል። እኔ ግን ክርክሬን አልተውም፤ በሮም ለአንድ አስጎብኚ ብቻ የሚከፍሉት ገንዘብ ካለዎት፣ እርስዎንና አብረዎት የመጡትን ብቻ ይዞ በቴስታቾና በአሮጌው የአይሁድ ሠፈር ግማሽ ቀን እያበላ ለሚያዞርዎት ሰው ይክፈሉት።

የጣዕም ነገር ብቻ አይደለም። ስለ ቄሣሮቹ ማንኛውም መጽሐፍ ይነግርዎታል። የሮም ወጥ ቤት ግን የቄሣሮች አይደለም። ዛሬ የውጭ አገር ሰው ተሰልፎ የሚበላውን አብዛኛውን ምግብ የፈጠረው ትርፍራፊ የተጣለለት፣ ደመወዝ ያልበቃው፣ በር የተቆለፈበት ሰው ነው። የዚህን ሰው ታሪክ በድንጋይ ላይ ጽፎ ያቆመለት የለም፤ ያለው ሳህኑ ላይ ነው፤ ሳህን ደግሞ አስረጂ ይፈልጋል።

ቴስታቾ የሮም ቄራ ሠፈር ነው። ከ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ እስከ 1975 (ዘመኑን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር እጽፋለሁ) የከተማዋ ከብት የሚታረደው እዚህ ነበር። በዋናው በር አናት ላይ ክንፍ ያለው ሰው በሬ ሲጥል የሚያሳየው ሐውልት ዛሬም ቆሟል፤ ግቢው ግን የሥነ ጥበብ ማሳያና የዩኒቨርሲቲ መማሪያ ሆኗል። በሮማውያን አነጋገር የአንድ በሬ የመጀመሪያው ሩብ ለመኳንንቱ፣ ሁለተኛው ለካህናቱ፣ ሦስተኛው ለባለ ሀብቱ፣ አራተኛው ለወታደሩ ነው። አራቱ ሩብ ካለቀ በኋላ የሚተርፈው ጭራ፣ ጨጓራ፣ አንጀት፣ ሳንባና ልብ «አምስተኛው ሩብ» ይባላል። የቄራው ሠራተኛ ከደመወዙ ከፊሉን የሚቀበለው በዚህ ነበር። ድርሻውን ይዞ ማዶ ወዳሉት መጠጥ ቤቶች ይሻገራል፤ እዚያ ያበስሉለታል። በቲማቲምና በብዙ ሰለሪ ለሰዓታት እየተንተከተከ የሚበስለው የበሬ ጭራ፣ ኮዳ አላ ቫቺናራ የሚሉት፣ ከዚሁ ሕይወት የወጣ ነው። ከቄራው ፊት ለፊት ያለው ኬኪኖ የሚባለው ምግብ ቤት ከ1887 ጀምሮ አለ፤ ዛሬ ዋጋው የቄራ ሠራተኛ የሚደፍረው ዓይነት አይደለም።

እዚህ ላይ እኛ ከሌላው ጎብኚ እንለያለን። ሌላው «ጨጓራ» ሲባል ፊቱን ያጨማድዳል። ዱለት እየበላ ያደገ ሰው ግን በቲማቲም፣ በናና ዓይነት ቅጠልና በፔኮሪኖ አይብ የተሠራ ጨጓራ ቢያቀርቡለት የሚጠይቀው ሚጥሚጣው የት እንዳለ ነው። እኛንም ቢሆን የሚያስደነግጠን ፓያታ ነው። ከወተት በቀር ምንም ያልቀመሰ ጥጃ ቀጭን አንጀቱ፣ ውስጡ ያለው ሳይወጣ፣ እየተቆረጠ ሁለቱ ጫፍ በክር ይታሰርና ቀለበት ይሆናል፤ ከዚያ በቲማቲም ይበስላል። እሳቱ ውስጡ ያለውን ወተት ያረጋዋል። ሲነክሱት ልክ እንደ ለጋ አይብ ይወጣል፣ ትንሽ ኮምጠጥ ይላል፣ ከወፍራሙ ሪጋቶኒ ፓስታ ጋር ይዋሐዳል። በእብድ ላም በሽታ ስጋት በ2001 የጥጃ አንጀት በአውሮፓ ኅብረት ታገደ፤ ሮማውያን የጠቦት አንጀት እየተኩ ቆዩ፤ የተፈቀደላቸው በ2015 ነው። ይህ ሁሉ በምግብ ዝርዝሩ ላይ ከዋጋው ጋር አንዲት መስመር ነች። ስልክዎ ላይ ያሉት ኮከቦችም አይነግሩዎትም።

ከቄራው ማዶ ኮረብታ አለ። ሣር የበቀለበት ተራ ጉብታ ይመስላል፤ እውነቱ ግን የሸክላ ስባሪ ክምር ነው። በጥንት ዘመን በአብዛኛው ከደቡብ ስፔን፣ ከፊሉም ከሰሜን አፍሪካ ዘይት ይዘው የመጡ እንስራዎች ወደባቸው ቅርብ ነበርና እዚህ ተሰብረው ተከመሩ። ዘይት የጠጣ ሸክላ ሌላ ነገር አይያዝበትም፤ ሽታውንም ለማጥፋት ኖራ ይነሰነስበት ነበር። ቁመቱ 35 ሜትር ገደማ ነው፤ ከ50 ሚሊዮን በላይ እንስራ ሳይኖረው እንደማይቀር ይገመታል። አንዳንድ ምግብ ቤቶች ከኮረብታው ሥር ተቆፍረው የተሠሩ በመሆናቸው፣ ፓስታዎን እየበሉ በመስታወት ውስጥ ስባሪው ተደርድሮ ያዩታል።

ከዚያ በቴቬሬ ወንዝ ዳር ወደ ላይ ሲሄዱ አሮጌው የአይሁድ ሠፈር ይገኛል። የሮም አይሁድ ከክርስቶስ ልደት በፊት ጀምረው በከተማዋ የኖሩ ናቸው። በ1555 የሮማው ጳጳስ ጳውሎስ አራተኛ ሁሉም ወንዙ በሚያጥለቀልቀው ጠባብ ቦታ ታጉረው እንዲኖሩ አዘዘ፤ ሲመሽ በሩ ይቆለፍባቸዋል፣ ሲነጋ ይከፈታል። ይህ ከጥቂት ጊዜ መላላት በቀር እስከ 1870 ዘለቀ። ዛሬ ዓለም የሚያውቀው ካርቾፊ አላ ጁዲያ፣ የአይሁድ አርቲቾክ፣ የዚህ ሠፈር ነው፤ አርቲቾክ ቅጠሉ የተደራረበ፣ አበባው ሳይፈነዳ የሚበላ አትክልት ነው። አሠራሩን ቆሞ ማየት ያስፈልጋል። የሮም አርቲቾክ እሾህ የለውም። ሴትዮዋ በትንሽ ጠማማ ቢላዋ ከሥር ጀምራ እያሽከረከረች ጠንካራውን ቅጠል ታነሣለታለች፤ ሎሚ ባለበት ውኃ ትነክረዋለች፤ ታጠነፍፍና ሁለቱን እርስ በርስ መታ መታ አድርጋ ታላላዋለች። መጀመሪያ በመካከለኛ ሙቀት ዘይት ልቡ እስኪለሰልስ ይበስላል። ወጥቶ ይቀዘቅዝና ቅጠሉ በጣት ይከፈታል፤ ከዚያ በጋለ ዘይት ውስጥ ተዘቅዝቆ ይገባል። ሲወጣ ዳር ዳሩ እንደ ቆሎ ይንኮሻኮሻል፣ መካከሉ ግን ቅቤ ነው። ጨው ብቻ ይነሰነስበታል። በ2018 የእስራኤል ዋና ረቢዎች ጽሕፈት ቤት «በቅጠሉ መካከል ነፍሳት አይታጡምና ኮሸር አይደለም»፣ ማለትም በአይሁድ ሕግ አይበላም፣ ሲል የሮም አይሁድ አልተቀበሉትም፤ መጥበሳቸውን ቀጠሉ።

በዚያው መንገድ እግርዎ ሥር ስም የተቀረጸባቸው ትናንሽ የነሐስ ድንጋዮች አሉ። ጥቅምት 16 ቀን 1943 ጀርመኖች ከሮም ለቃቅመው ወደ አውሽቪትዝ ከላኳቸው ከአንድ ሺህ በላይ ሰዎች የተመለሱት 16 ብቻ ናቸው። ከአርቲቾኩ ጋር ይህን ያልነገረዎት አስጎብኚ ገንዘብዎን በልቷል።

እንግዲህ የግል ይሁን የምለው ለምንድነው? በአንድ ወቅት በቡድን ዞሬያለሁ። ጆሮ ላይ ማዳመጫ፣ ከፊት ከፍ ያለ ጃንጥላ፣ በየቤቱ አንዲት ጉርሻ፣ «ቀጥሉ፣ ቀጥሉ»። ጥያቄ ያለው ሰው ሰልፍ ያስቆማል፤ ስለዚህ አይጠይቅም። የግሉ ውድ መሆኑ አይካድም፤ ብዙ ጊዜ በነፍስ ወከፍ ከመቶ ዩሮ ያልፋል። ግን አራት አምስት ሆኖ መከፋፈል ይቻላል፤ ደግሞም ለእኛ አንድ ትልቅ ጥቅም አለው፦ ጾም። የአርቲቾክ ወቅት በግምት ከየካቲት እስከ ሚያዝያ ነው፤ ዐቢይ ጾም ማለት ነው። በቡድን ጉብኝት አይብና ሥጋ የማይበላ ሰው ለብ ያለ ዳቦ ይዞ ይቆማል። በግል ከሆነ ግን ቀድመው ይነግራሉ፤ አስጎብኚውም መንገዱን ያስተካክላል። አርቲቾኩ በዘይት ነው። ፒዛ ማሪናራ ቲማቲም፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ኦሬጋኖና ዘይት ብቻ ነው፤ አይብ የለውም። ፒዛ ቢያንካም እንዲሁ፣ የአሳማ ስብ አለመግባቱን ጠይቆ። አንቾቪ የሚባለው ትንሽ ዓሣ በየሰላጣው ይገባል፤ ዓሣ ይጾማል አይጾምም የሚለውን የቆየ ክርክር እዚያ ጨርሱት። ሙስሊም ለሆነው አንባቢዬም ይኸው ይሠራል። ካርቦናራና አማትሪቻና የተባሉት የሮም ፓስታዎች የአሳማ ጉንጭ አላቸው፤ በአይሁድ ሠፈር ኮሸር ቤቶች ግን አሳማ ደጃፉን አይረግጥም።

አስጎብኚን መምረጥ ላይ ነው ሰው የሚሳሳተው። በኢጣሊያ ቅርሶችን በአስጎብኚነት ማስረዳት ፈቃድ የሚጠይቅ ሙያ ነው፤ በ2023 መጨረሻም አዲስ አገር አቀፍ ሕግ ወጥቶለታል። የምግብ ጉብኝት የሚመሩት ሁሉ ግን ይህ ፈቃድ የላቸውም፤ ስለዚህ ከመክፈል በፊት መጠየቅ ነው። የእኔ መፈተኛ ደግሞ ካርቦናራ ነው። «ይህ ጥንታዊ የሮም ምግብ ነው» ብሎ ከጀመረ ጠርጥሩት። ካርቦናራ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በፊት በጽሑፍ አይገኝም፤ የአሜሪካ ወታደሮች ስንቅ በውስጡ እጅ እንዳለበት የሚያምኑ ብዙ ናቸው። ቲማቲሙም ቢሆን ከአሜሪካ አህጉር የመጣ እንግዳ ነው። ይህን ያለ ኀፍረት የሚነግርዎት ሰው ሌላውንም እውነቱን ይነግርዎታል።

ሌላው ያልኩት የእኛው ጉዳይ ነው። ከቴስታቾ ተነሥቶ በቪያሌ አቬንቲኖ በእግር ጥቂት ሲሄዱ የዓለም የምግብና እርሻ ድርጅት ዋና መሥሪያ ቤት ይደረሳል። ሕንፃው ሲጀመር የታሰበው ለፋሺስቱ መንግሥት የአፍሪካ ቅኝ ግዛት ሚኒስቴር ነበር። የአክሱም ሐውልት ከ1937 ጀምሮ የቆመው ከፊቱ ነው፤ በ2003 ተነቃቅሎ በ2005 ተመለሰ፣ በ2008 አክሱም ላይ ዳግም ቆመ። ያዞረችን አስጎብኚ ስለ ስፔን ዘይት አንድ ሰዓት ልታወራ ትችል ነበር፤ ስለዚህ ግን ትንፍሽ አላለችም። ጠየቅኋት። አላፈረችም፣ አልተከራከረችም፤ መጨረሻ ላይ የታሰበውን ጄላቶ፣ የጣሊያኖቹን አይስክሬም፣ ትታ ወደዚያው ወሰደችን። ስፍራው ላይ ዛሬ በ2001 በአሜሪካ ለደረሰው ጥቃት ሰለባዎች የቆሙ ሁለት አሮጌ አምዶች አሉ። በቡድን ብሆን ኖሮ ጄላቶዬን ልሼ ወደ ሆቴሌ ነበር የምገባው።

ቅር የሚለኝ ነገር የለም አልልም። እነዚህ ጉብኝቶች ራሳቸው ሠፈር ያራቁታሉ። ሥጋ ቤቱ ለነዋሪው ሥጋ መሸጥ ትቶ ለጎብኚው የሚቀመስ ሳህን መደርደር ከጀመረ፣ ከበላዩ ያለው ቤትም ለአጭር ጊዜ እንግዳ ከተከራየ፣ ለማየት የመጣነው ሕዝብ የለም ማለት ነው። ፍሎረንስ በ2018 በአራት ቦታዎች በምግብ ሰዓት መንገድ ላይ ቆሞ መብላትን በገንዘብ እስከ መቅጣት ደርሳለች። ስለዚህ አስጎብኚውን «የሠፈሩ ሰው የሚገዛው ከየትኛው ነው?» ማለት ያስፈልጋል። በ2012 ወደ አዲስ ሕንፃ የተዛወረው የቴስታቾ ገበያ ለዚህ ጥሩ ነው፤ አሮጊቶቹ አሁንም ዘንቢል ይዘው ሰለሪ እየተከራከሩ ይገዛሉ፣ ከጎናቸው የተቀቀለ የጊደር ሥጋ በመረቁ በራሰ ዳቦ ይሸጣል።

«ታሪካዊ ሠፈር» ሲባል ታሪኩ ከመቶ ዓመት በፊት ያበቃ የሚያስመስሉት ነገርም አለ። በሚላኖ ከተማ ፖርታ ቬኔዚያ የሚባለው ሐበሻ ከ1970ዎቹ ጀምሮ የራሱ ያደረገው ሠፈር ነው፤ ልጆቹ ጣልያንኛ ተናግረው አድገዋል። እኔ ባየኋቸው የሚላኖ የምግብ ጉብኝቶች እንጀራ ቤት የተካተተበት የለም። በግል የሚሄድ ሰው ግን ጠይቆ ያስገባል፤ ከፋዩ እሱ ነውና።

የሚሄድ ካለ ቀኑን ያስተውል። የቴስታቾ ገበያ እሑድ ዝግ ነው፤ በሌላውም ቀን ከሰዓት በኋላ ቶሎ ይዘጋል። የአይሁድ ሠፈር ኮሸር ቤቶች ዓርብ ማታ ዘግተው ቅዳሜ ፀሐይ እስክትጠልቅ አይከፍቱም። ማክሰኞ ወይም ረቡዕ ጠዋት ቁርስ ሳይበሉ ቢነሡ ይሻላል፤ ረቡዕ ከሆነ ግን ለአስጎብኚው ጾም መሆኑን ቀድመው ይንገሩት።