የ«ዋር» ግጥም የጄኔቫው ንግግር አይደለም

ወንድሜ፣ የቦብ ማርሌ «ዋር» የሚለው ዘፈን ግጥም ጃንሆይ እ.ኤ.አ. በ1936 ጄኔቫ ላይ ጣልያንን ከከሰሱበት ንግግር ነው የተወሰደው ያልከው ልክ አይደለም፣ ብዙ ሰው እንደዛ ስለሚል አልፈርድብህም ግን መታረም አለበት። ቃላቱ እ.ኤ.አ. በ1963 ኦክቶበር ላይ ኒውዮርክ፣ ተመድ ጠቅላላ ጉባኤ ላይ በአማርኛ ካደረጉት ንግግር ነው። እስቲ ዘፈኑን ረጋ ብለህ ስማው፣ አንጎላ፣ ሞዛምቢክ፣ ደቡብ አፍሪካ እያለ በስም ይጠራል እኮ! የጄኔቫው ስለ ወረራውና ስለ መርዝ ጋዙ ነበር። የሚያምታታው ምን መሰለህ፣ ጃንሆይ ራሳቸው ኒውዮርክ ላይ ከ27 አመት በፊት ጄኔቫ ቆመው እንደነበር አንስተዋል፣ ሰው ሁለቱን የሚያቀላቅለው ከዛ ይመስለኛል።

ደራሲውም ቦብ ተብሎ አልተመዘገበም፣ አለን ኮልና የቦብ ባንድ የዌይለርስ ድራመር ካርልተን ባሬት ናቸው። ዘፈኑ ያለበት «ራስታማን ቫይብሬሽን» አልበም እ.ኤ.አ. በ1976 ሲወጣ ጃንሆይ ካረፉ ገና አመት አልሞላም ነበር፣ በኛው ቋንቋ የተነገረ ቃል ጃማይካ ደርሶ በሬጌ ምት ሲመለስ ስሰማው እስካሁን ሰውነቴን ይወረኛል፣ ለዛም ነው ቀኑና ቦታው ሲሳሳት ዝም ማለት ያቃተኝ።