ከሳሽና ተከሳሽ በአንድ አባት ስም

አዲስ ዘመን ጋዜጣ ላይ የሚወጡ የፍርድ ቤት የሐራጅ ማስታወቂያዎችን የማንበብ ልማድ አለኝ። ባንክ ብድሩን ለማስመለስ የሚያሸጠውን ቤት አልፌው እሄዳለሁ። ዓይኔን የሚይዘው የከሳሹና የተከሳሹ የአባት ስም አንድ የሆነበት ማስታወቂያ ነው። የአፈጻጸም ከሳሽ (ፍርዱ እንዲፈጸምላት የጠየቀችው) እኅት፣ የአፈጻጸም ተከሳሽ ወንድም፤ ከሥራቸው የቤት ቁጥር፣ የይዞታ ስፋት፣ የጨረታ መነሻ ዋጋ።

እንዲህ ባለው የውርስ ክስ ስለ ድርሻው መጠን የሚሟገት ጥቂት ነው። ኑዛዜ ከሌለ ልጆች እኩል እንደሚወርሱ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ከደነገገ ስድሳ ዓመት አልፎታል። ጠቡ የሚከረው «አንድ አራተኛ» የሚለው ቁጥር ወደ ግድግዳና ጣሪያ ሲወርድ ነው። አንድ ሳሎን፣ ሁለት መኝታ ቤት፣ ከኋላ ሰርቪስ፣ አንድ የግቢ በር፣ አንድ ካርታ። መሐንዲስ ታዝዞ ቢሄድም መልሱ ሳይሄድ ይታወቃል፤ በዓይነት አይካፈልም። ስለዚህ ፍርዱ «ተስማምተው አንዳቸው ያስቀሩት፣ ካልተስማሙ በሐራጅ ተሽጦ ገንዘቡን ይካፈሉ» ይላል። በፍቺም ያው ነው፤ የ1992ቱ የቤተሰብ ሕግ ሊከፈል ያልቻለውን የጋራ ንብረት በመጨረሻ ወደ ሽያጭ ይወስደዋል።

ቅሬታዬ «ተስማምተው» እና «ካልተስማሙ» በሚሉት ቃላት መካከል ባለው ባዶ ቦታ ላይ ነው። እዚያ ቀነ ገደብ የለም፣ የክፍያ መንገድ የለም። ለአምስት ዓመት ያልተነጋገሩ ወንድማማቾች ፍርድ ስለተነበበላቸው ብቻ በማግሥቱ ይነጋገራሉ ብሎ ማን ያስባል?

በቁጥር እንየው። ቤቱ 8 ሚሊዮን ብር ተገመተ እንበል፤ ለአራቱ ልጆች ሁለት ሁለት ሚሊዮን ይደርሳል። እናቷን እስከ መጨረሻው ያስታመመችው ታናሽ ቤቱን ማስቀረት ትፈልጋለች። በእነዚህ ማስታወቂያዎች ላይ እንደተለመደው የመነሻ ዋጋው ሩብ በሲፒኦ (ባንክ ባረጋገጠው የክፍያ ማዘዣ) ይያዝ ከተባለና እንደ ማንኛውም ተጫራች ትግባ ከተባለ፣ 2 ሚሊዮን ብር ይዛ መምጣት አለባት። ልክ የራሷን ድርሻ ያህል! ግድግዳው ውስጥ ያለው ሩብ ግን እንደ ገንዘብ አይታይላትም።

ሐራጁ ለቀሩትም አያዋጣም። በ2004 ዓ.ም. የወጣው የከተማ መሬት ሊዝ አዋጅ ቁጥር 721 ነባር ይዞታ፣ ማለትም ከሊዝ ሥርዓት ውጭ የተያዘ የቆየ ቦታ፣ ከውርስ በቀር በሌላ መንገድ ለሦስተኛ ወገን ሲተላለፍ ተቀባዩ መሬቱን በሊዝ እንዲይዝ ደንግጓል። ስለዚህ ነባር ይዞታ በሐራጅ የሚገዛ ሰው የሊዙንም ክፍያ አስቦ ነው ዋጋ የሚሰጠው። በዚያ ላይ ውስጡ ሰው ያለበት ቤት ነው። ሁለቱም ከዋጋው ላይ ይቀነሳሉ፤ የሚከስሩት አራቱም ናቸው።

ቤቱ ውስጥ የተቀመጠው ወራሽ ሁልጊዜ ተበዳይ ነው ማለቴ ግን አይደለም። የሰርቪሱን ኪራይ ለብቻው እየበላ፣ ለገማቹ በር አልከፍትም እያለ፣ ከይግባኝ እስከ ሰበር የሚጎትተውን እናውቀዋለን። ለእርሱ ጊዜ ማለት ገንዘብ ነው።

እኔ ብሆን ዳኛው ከፍርዱ ጋር አንድ ላይ እንዲወስን አደርግ ነበር። ግምቱ ከጸደቀ በኋላ ለስድስት ወር ያህል ቤቱ ለውጭ ሰው አይቅረብ፤ መውሰድ የሚፈልግ ወራሽ የራሱ ድርሻ እንደ ክፍያ ይያዝለትና ቀሪውን በየጊዜው ከፍሎ ይጨርስ፤ እስኪጨርስ ቤቱ ለሌሎቹ መያዣ ይሁን። ክስ ከቀረበበት ቀን ጀምሮ ለብቻው የተጠቀመበት ኪራይ ደግሞ ከድርሻው ይቀነስ። ሕጉ ከመነሻው ለዚህ ሐሳብ ባዕድ አይደለም፤ አንድ የጋራ ባለሀብት ድርሻውን ለውጭ ሰው ሲሸጥ ለሌሎቹ ቅድሚያ ይሰጣል። በሐራጁ በር ላይ ሲደርሱ ይህ ቅድሚያ ለምን ይሳሳል? ዳኛ ባንክ አይደለም የሚለኝ ይኖራል። እውነት ነው፤ አሻሻጭም ግን አይደለም።

በሰፈራችን ሁለት ወንድማማቾች ፍርዱን ሳይጠብቁ ግቢውን በብሎኬት ለሁለት ከፈሉት። የውኃ ቧንቧው በታላቁ በኩል ቀረ። ሲታረቁ ጎማ በግንቡ ላይ ያልፋል፣ ሲጣሉ ይቆረጣል። ባለፈው ዓመት ቤቱን ሊያይ የመጣ ተጫራች ግንቡንም ጎማውንም አየና ውኃው የማን እንደሆነ ጠየቀ። ሁለቱም «የእኔ» አሉት። ሰውየው በጨረታው ቀን አልመጣም።