ቀያሹ ምን ይለካ?

የመሬት ድንበር ክርክር ፍርድ ቤት በሚያዘው ልኬት ይፈታል የሚለው ሐሳብ ጥሩ ነው። ግን ዋናው ነገር ተዘሏል፤ ቀያሹ የሚለካው ዛሬ መሬት ላይ ያለውን ነው። ወሰኑ ድሮ የት እንደነበረ መሣሪያው አይነግረውም።

ገጠር ላይ ያለውን እንይ። የመጀመሪያው ደረጃ የይዞታ ደብተር፣ ማለትም ገበሬው ለመሬቱ መጀመሪያ የተሰጠው ማስረጃ፣ ካርታ የለውም። የአዋሳኞች ስምና የመሬቱ ስፋት ብቻ ነው ያለው፤ ስፋቱም ብዙ ቦታ የተለካው በገመድ፣ አንዳንዴም በግምት ነው። አሁን በጂፒኤስ ሲለካ ቁጥሩ ቢበልጥ ባለይዞታው ወሰን ገፍቷል ማለት አይደለም። የድሮው ልኬት ስህተት ሊሆን ይችላል።

ሌላም አለ። በእጅ የሚያዘው ተራ ጂፒኤስ በጥቂት ሜትሮች ይስታል። ሰዎቹ የሚካሰሱት ደግሞ አንዳንዴ በአንድ ሜትር ነው! እንዲህ ላለው ክርክር ቶታል ስቴሽን በሚባለው፣ ርቀትና ማዕዘን አጥርቶ በሚለካው የቀያሽ መሣሪያ፣ ካልሆነም ሁለቱም ተከራካሪዎች ከሚያምኑት ቋሚ ምልክት ተነስቶ በሜትር መለካት ይሻላል። ሁለተኛው ደረጃ ደብተር ያለው ሰው ግን ካርታ ስላለው ነገሩ ይቀለዋል።

ስለዚህ ትእዛዙ "ተለክቶ ይቅረብ" ብቻ ከሆነ ዋጋ የለውም። ከየትኛው ምልክት ተነስቶ፣ ከየትኛው ሰነድ ጋር ተነጻጽሮ የሚለው ይጻፍበት። ሁለቱ ወገኖችና አዋሳኞቹ ባሉበት ይለካ። ሪፖርቱ ሲቀርብም ዝም አትበሉ፤ ቀያሹ ተጠርቶ እንዲያብራራ ፍርድ ቤቱን ጠይቁ።