«ደበቀች» ከማለታችሁ በፊት ቅጹን እዩት

ሰሞኑን አንድ የዩቲዩብ ተንታኝ ከባላቸው ተደብቀው ስለሚሠሩ የጃፓን የቤት እመቤቶች ሲያወራ ሰማሁት። «ከባል ተደብቆ መሥራትና የባልን ኪስ መበርበር አንድ ነው» አለ። ደሜ ፈላ። በላቧ ያገኘችው ገንዘብ በየት በኩል ዞሮ የባሏ ኪስ ሆነ?

ማስረጃ ብሎ ያመጣው ደግሞ ይብሳል። «ጃፓን ውስጥ የባል ደመወዝ ሚስት እጅ ነው የሚገባው፤ የኪስ ገንዘቡን የምትሰጠው እሷ ናት፤ ታዲያ ምን ጎደላት?» ይላል። ልማዱ በብዙ ቤት አለ። ግን ገንዘብ መያዝ ሌላ፣ የገንዘቡ ባለቤት መሆን ሌላ። የመሥሪያ ቤት ገንዘብ ያዥ የካዝናው ጌታ ነው የሚል ሰው አለ? የኪራዩን፣ የሩዙን፣ የልጁን ትምህርት ቤት ወጪ ስትደምር የምትውል ሴት ለራሷ ጫማ ከገዛች ደብተሩ ያጋልጣታል።

ደግሞስ መደበቁ ቀላል መሰለው? ዓመቱ ሊያልቅ ሲል ጃፓናዊው ሠራተኛ ከቀጣሪው የግብር ቅጽ ይሰጠዋል። በሚስቱ ምክንያት ግብር እንዲቀነስለት ከፈለገ የእሷን የዓመት ገቢ ገምቶ ይሞላል። እስቲ አስቡት። ሱፐርማርኬት ውስጥ ቆማ ውላ፣ ሣጥን ተሸክማ ያገኘችው የን የባሏ መሥሪያ ቤት ጠረጴዛ ላይ ቁጥር ሆኖ ይቀርባል። ባል ሳያውቅ ዜሮ ሞልቶ እሷ ለግብር ቅነሳው ከተቀመጠው የገቢ ወሰን በላይ አግኝታ ከተገኘች፣ ግብር ቢሮው ብዙ ጊዜ የሚጠይቀው የባልን ቀጣሪ ነው። ምሥጢሯ ቤት የሚደርሰው በባሏ አለቃ በኩል ነው ማለት ነው! ስለዚህ ልትደብቅ የምትችለው ትንሿን ብቻ ነው። ጥቂት ሰዓት፣ ጥቂት የን።

«መንግሥት ለቤት እመቤት አስቦላታል» የሚሉም አሉ። ከ1986 ጀምሮ የተቀጣሪ ጥገኛ የሆነች ሚስት ራሷ መዋጮ ሳትከፍል መሠረታዊ ጡረታ ታገኛለች፤ ይህን አልክድም። በ2025 ከገቢ ግብር ነፃ የሆነው ጣሪያ ከ1.03 ወደ 1.6 ሚሊዮን የን ሲያድግም ብዙ ተጨበጨበ። የዓመት ገቢዋ ሲደርስበት ከባሏ የጤና መድን የሚያስወጣት የ1.3 ሚሊዮን የን ወሰን ግን እዚያው ቆሟል። እኔ ይህን ማሰብ አልለውም። በአጭር ገመድ ማሰር ነው።

ጃፓኖች እንዲህ ለተደበቀ ቁጠባ «ሄሶኩሪ» ይላሉ። ቃሉ የመጣው ከተጠቀለለ የቃጫ ክር ነው ይባላል። ሴቶች ክር እያጠነጠኑ በጎን የሚያጠራቅሟት ሳንቲም ናት፤ እናቶቻችን በመቀነታቸው ጫፍ እንደሚቋጥሯት ያለች። ተንታኙ እናቱንም ሌባ ሊላት ነው?