የአርሰናል ሴቶች ታሪክ በምክትሎቹም ይጻፍ

ስለ አርሰናል የሴቶች ቡድን አሰልጣኞች ሲወራ ሁለት ስሞች ቶሎ ይነሳሉ፦ ቪክ ኤከርስ እና ረኔ ስሌገርስ። ተገቢ ነው። ክለቡ የአውሮፓን ዋንጫ ያነሳው ሁለቴ ነው፤ አንዱን በኤከርስ ጊዜ በ2007፣ ሌላውን በስሌገርስ ጊዜ በ2025 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። እኔን የሚያሳስበኝ ግን በመሃል ያለው 18 ዓመት ነው። ይህን ጊዜ በደንብ ያየ ሰው ዓይኑ የሚያርፈው ከዋናው አሰልጣኝ አጠገብ ባለችው ወንበር ላይ ነው።

ከመጀመሪያው እንነሳ። የእንግሊዝ እግር ኳስ ማኅበር በ1921 ክለቦች ሜዳቸውን ለሴቶች እንዳይሰጡ ከልክሎ ነበር። እገዳው ለግማሽ ምዕተ ዓመት ያህል ቆየ። ስለዚህ ኤከርስ በ1987 ቡድኑን ሲመሠርት በሴቶች እግር ኳስ የሚተዳደር ተጫዋች የለም ማለት ይቻላል። እሱ ራሱ የወንዶቹ ዋና ቡድን የትጥቅ ኃላፊ ሆኖ ለብዙ ዓመታት ሠርቷል። ማልያውን አዘጋጅቶ ለእነ አርሰን ቬንገር ቡድን ያቀርባል፤ ከዚያ ሄዶ ሴቶቹን ያሠለጥናል።

ለተጫዋቾቹም በክለቡ ውስጥ ሥራ ይፈልግላቸው ነበር። አሌክስ ስኮት ልብስ ማጠቢያው ክፍል ገብታ የወንዶቹን ማልያ ታጥብ እንደነበር ራሷ ደጋግማ ተናግራለች። ይቺው ተጫዋች ናት በ2007ቱ ፍጻሜ፣ በተጋጣሚው በስዊድኑ ክለብ በኡሜዮ ሜዳ፣ ባለቀ ሰዓት ከርቀት መትታ ያገባችው። የመልሱ ጨዋታ 0 ለ 0 አለቀ። ዋንጫው በዚያች አንዲት ጎል ወደ ሰሜን ለንደን መጣ። በዚያ ፍጻሜ የአርሰናሏ ኬሊ ስሚዝ በቅጣት አልተሰለፈችም፤ ትልቋ ኮከብ ሳትኖር ነው የተሸነፈው ያ ጠንካራ የስዊድን ቡድን።

ኤከርስ 22 ዓመት ቆይቶ ከ30 በላይ ዋንጫ ሰብስቦ በ2009 ለቀቀ። አመራር ማለት ለእሱ ታክቲክ ብቻ አልነበረም። ልጆቹ ኪራይ የሚከፍሉበትን መንገድም ያስብ ነበር። ይህን ያህል የሚያስብ አሰልጣኝ ዛሬም ብዙ አይገኝም፤ በዚህ ጉዳይ ሁሌም አከብረዋለሁ።

አሁን ወደዚያች ወንበር እንምጣ። በ2007 ከኤከርስ ጎን ምክትል ሆና የተቀመጠችው ኤማ ሄይስ ነበረች። በቀጣዩ ዓመት ወደ አሜሪካ አቀናች። በ2012 እንግሊዝ ውስጥ ሥራ ስትይዝ ቼልሲን ነው የያዘችው፤ እዚያ 12 ዓመት ቆይታ 7 የሊግ ዋንጫ ወሰደች። በ2024 ደግሞ ከአሜሪካ ጋር በፓሪስ የኦሊምፒክ ወርቅ አገኘች። ለዓመታት አርሰናልን ከሊጉ ጫፍ ያወረደችው ሴት ሙያውን ያዳበረችው እዚያው አርሰናል ነው ማለት ነው። ደጋፊን የሚያንገበግብ ነገር ነው።

ቀጣዩዋ ላውራ ሃርቪ ናት። ከኤከርስ በኋላ የመጣው ቶኒ ጀርቬዝ ብዙም ሳይቆይ ሲለቅ፣ በ2010 ኃላፊነቱ ከአሰልጣኝ ቡድኑ ውስጥ ለነበረችው ለእሷ ተሰጠ። ያን ጊዜ ገና 30 ዓመት አልሞላትም። አዲሱ የሴቶች ሱፐር ሊግ በ2011 ሲጀመር የመጀመሪያውን ዋንጫ ወሰደች፤ በ2012ም ደገመችው። ከዚያ የአሜሪካው ክለብ ሲያትል ወሰዳት። ክለቡን የምታውቅ፣ ያሸነፈች፣ ገና ወጣት አሰልጣኝ ነበረች። በየትኛውም ዋጋ መቆየት ነበረባት ብዬ አምናለሁ።

ከዚያ በኋላ በሩ ይከፈታል፣ ይዘጋል። ሼሊ ኬር መጥታ ሁለት የኤፍኤ ዋንጫ አሸንፋ በ2014 ሄደች። በእሷ ቦታ ፔድሮ ማርቲኔዝ ሎሳ ገባ። ጆ ሞንቴሙሮ በ2019 ሊጉን መልሶ አመጣ፤ እሱም በ2021 ሄደ። ዮናስ አይደቫል ሁለት የሊግ ካፕ አነሳ። ሁሉም ዋንጫ ነበራቸው፤ ማንንም ዝቅ ማድረግ አልፈልግም። ቁጥሩ ግን ይናገራል። አንድ ሰው 22 ዓመት የያዘውን ቦታ በቀጣዮቹ 15 ዓመታት ስድስት ሰዎች ተፈራረቁበት።

ኦክቶበር 2024 ላይ ነገሩ ተበላሸ። ቡድኑ በባየርን ሙኒክ 5 ለ 2 ተሸነፈ፣ ከቀናት በኋላ ቼልሲ ደገመው፤ አይደቫል ሥራውን ለቀቀ። ክለቡ ቡድኑን ለምክትሏ ለስሌገርስ በጊዜያዊነት ሰጠ። እሷ እንግዳ አልነበረችም። በሮዘንጎርድ የስዊድንን ሊግ ሁለት ጊዜ አሸንፋ ነው የመጣችው። ዋና አሰልጣኝነትን የቀመሰች ሴት ምክትል ልሁን ብላ መምጣቷ በራሱ ስለ ጠባይዋ ብዙ ይናገራል። 11 ጨዋታ ሳትሸነፍ በጃንዋሪ 2025 ቦታው በቋሚነት ተሰጣት።

የሆነውን ሁላችንም አይተናል። በአውሮፓው ውድድር ሪያል ማድሪድ 2 ለ 0 መርቶ ነበር፤ በመልሱ 3 ለ 0 ተቀለበሰ። ሊዮን ለንደን መጥቶ 2 ለ 1 አሸነፈ፤ በሜዳው 4 ለ 1 ተቀጣ። ሊዝበን ላይ በፍጻሜው ከባርሴሎና ጋር ጨዋታው 0 ለ 0 እያለ ስሌገርስ ቤት ሚድን እና ስቲና ብላክስቴኒየስን አንድ ላይ አስገባች። ደቂቃዎች አልፈው፣ በ74ኛው፣ ሚድ አቀበለች፣ ብላክስቴኒየስ አገባች። ሁለት ተቀያሪዎች፣ አንድ ጎል፣ አንድ ዋንጫ።

ሌላም የማይዘመርለት አመራር አለ። ክሌር ዊትሊ በአርሰናል ተጫውታ ጫማዋን ከሰቀለች በኋላ ቢሮ ገብታ የሴቶቹን ክፍል ለዓመታት መርታለች። አሰልጣኝ ሲቀያየር እሷ ነበረች። አምበሏ ኪም ሊትልም የብዙዎቹን አሰልጣኞች መምጣትና መሄድ ከመልበሻ ክፍሉ ሆና አይታለች። በዚያ ሁሉ ግርግር ቡድኑ ያልፈረሰው እንደነዚህ ያሉ ሰዎች ስለነበሩት ይመስለኛል።

ስለዚህ ከክለቡ አመራሮች የምፈልገው ሁለት ነገር ነው። ስሌገርስ ሁለት ሦስት ጨዋታ ስትሸነፍ በሩን አይመልከቱ፤ እንደ ኤከርስ 22 ዓመት ባይሆንም ቡድኗን የምትገነባበት ጊዜ ይስጧት። ከእሷ ጎን የሚቀመጠውን ምክትልም ነገ ዋናውን ወንበር ይይዛል ብለው ይምረጡ፤ ቼልሲ ወይም ሲያትል ሳይቀድማቸው።